በአሥር ቃል

አምስት ዓመት ዝናብ ጠፋ። የመጀመሪያው ዓመት ስንዴ ከጉልበት በታች ቀረ። የሁለተኛውን ኮምባይነር ሊያነሳው አልቻለም። የሦስተኛው ጭራሽ አልበቀለም። በአራተኛው ብዙ ሰው አልዘራም። በአምስተኛው ንፋሱ አፈሩን አንስቶ ወደ ኦክላሆማ ወሰደው፤ ኦክላሆማ በማግስቱ መልሳ ላከችው። ከብቱ እሾሃም አረም እንደ ድርቆሽ ታጭዶለት በላ። እናቶች በመስኮት ላይ እርጥብ አንሶላ እየሰቀሉ ልጆቻቸውን አስተኙ። ከላርኪን ከተማ ሰባት ቤተሰብ ለቆ ሄደ። ሁለቱ ማንንም አልተሰናበቱም።

በዚያ ሁሉ ጊዜ የላርኪን ሬዲዮ አንድ ቀን አልተቋረጠም። ጣቢያው ከከተማው ወጣ ብሎ በማሽላ ማሳ መካከል የቆመ አንድ ክፍል ተኩል ቤትና አንድ ምሰሶ ነው። ፈቃዱ የቀን ብቻ ነው፤ ፀሐይ ስትወጣ ይከፈታል፣ ስትጠልቅ ይዘጋል። የጣቢያው ባለቤት ሚስ ፐርል ናት። ባሏ ሲሞት ጣቢያውንና አንድ የጽሕፈት መኪና ትቶላት ሄደ። አንባቢው ዱዊ ቲግ ነው፤ ሠላሳ ዓመቱ፣ ረጅም፣ ቀጭን፣ ከማይክ ፊት ካልሆነ በቀር ቃል የማይወጣው ሰው። ጎህ ሲቀድ የከብት ዋጋ ያነባል። ከዚያ የካንትሪ ዘፈን ያጫውታል። ቀትር ሲሆን የሞቱ ሰዎችን ስም፣ ቀጥሎም «የአየር ገበያ»ን ያቀርባል፤ ዕቃ ያለው «አለኝ»፣ የቸገረው «እፈልጋለሁ» እያለ የሚደውልበት ሰዓት ነው። ከሰዓት በኋላ ሰዎች በፖስታ ካርድ ጽፈው የመረጡትን የዘፈን ሸክላ ያጫውታል። በዚያ አገር ሰው ሰዓቱን ለማወቅ ግድግዳ አያይም። «ዱዊ ምን እያነበበ ነው?» ይላል።

በስድስተኛው ዓመት መጋቢት ላይ ዘነበ። ሚያዝያም ደገመ። ሰኔ ሲጋመስ ስንዴው ወገብ ደረሰ። ሰዎች ማሳቸው ዳር ቆመው ያዩታል እንጂ ስለ እሱ ጮክ ብለው አያወሩም ነበር። ፈርተው ነው።

*

ዱዊ የሚወዳት ላቮን ስትሮድን ነው። በመካከላቸው የቆመው ግን የአባቷ ሀብት ብቻ አልነበረም።

ከስምንት ዓመት በፊት፣ ከድርቁ አስቀድሞ፣ አባቷ ሃርመን ስትሮድ አጨዳ ሲደርስ ትራክተር ተገለበጠበትና ወገቡ ተሰበረ። ከከተማው በስተሰሜን፣ «የሰሜን መንገድ» በሚባለው ሠፈር፣ እንደ እሱ ሰፊ መሬት ያለው የለም። ሚስቱ ሞታለች። በዚያ አገር የታመመን ሰው ስንዴ ጎረቤት ያጭድለታል። ሬዲዮው ስሙን ይጠራል፣ የሰማ ይሄዳል። ያን ሳምንት ግን ሰማዩ የሚያስፈራ ነበርና ሁሉም በየማሳው ተጠምዶ ቀረ። አንድ ሰው ብቻ ሄደ፤ የዱዊ አባት፣ ክላይድ ቲግ። እሱ እንኳ የሚያርሰው የተከራየውን መሬት ነው።

ክላይድ የራሱን ስንዴ ትቶ የስትሮድን ሦስት ቀን አጨደ። ሥርዓቱ አጫጅን የማሳው ባለቤት እንዲያበላ ነው። ስትሮድ ቤት የሚያበስል ሰው ስላልነበረ ክላይድ ከራሱ ምሳ ዕቃ በላ። የአሥራ ሰባት ዓመቷ ላቮን ሆስፒታል ከአባቷ አጠገብ ከርማ በሦስተኛው ቀን መጣች፤ በአፈ ሰፊ ጠርሙስ ውሃ ይዛ። የእህል መኪናውን ይነዳ የነበረው ዱዊ ጠርሙሱን ከእጇ ተቀበለ። ጠጣ። መለሰላት። አንድም ቃል አልተነጋገሩም። ሆኖም ከዚያ በኋላ የጠጣው ውሃ ሁሉ ያንን ውሃ ያስታውሰው ነበር።

በአራተኛው ቀን በረዶ ወረደ። የስትሮድ ስንዴ ጎተራ ገብቷል። የክላይድ ስንዴ ማሳው ላይ ተቀጠቀጠ። የኪራይ መሬቱ ተወሰደበት። ለቤተሰቡ የቀረው ሚስቱ ኦፓል ከአባቷ የወረሰችው አርባ ኤከር መሬት ብቻ ነው። ክላይድ በሦስተኛው ክረምት ሞተ።

ስትሮድ ከአልጋው እያነከሰ ተነሣ፤ ለምስጋና ግን አልመጣም። መጀመሪያ አፈረ። ቀጥሎ ዘገየ። ምስጋና ደግሞ ሲያድር ይከብዳል። በመጨረሻ ከቲግ ቤት ሰው ሲያይ መንገድ ተሻግሮ የሚያልፍ ሆነ።

ባለፈው መኸር ዱዊ ባርኔጣውን በእጁ ይዞ ወደ ስትሮድ በር ሄደ።

«ሚስተር ስትሮድ፣ ስለ ላቮን ላነጋግርዎ ነው የመጣሁት።»

ስትሮድ የወንፊት በሩን ሳይከፍት ከውስጥ ሆኖ አየው። «የክላይድ ልጅ ነህ።»

«ነኝ።»

«አቋቋምህም እሱን ነው። ለአባትህ ያለብኝን አውቃለሁ። አገሩም ያውቃል። ልጄን ግን ለውለታ መክፈያ አልሰጥም።»

«እኔ ውለታ ልጠይቅ አልመጣሁም።»

«አላወቅከውም እንጂ ለዚያ ነው የመጣኸው። ሂድ።»

በዚያው ሳምንት ሐሙስ ዕለት አንድ ካርድ በፖስታ መጣ። በአረንጓዴ ቀለም የተጻፈ፣ ስም የሌለው። በር ላይ ባርኔጣውን ይዞ ስለቆመ ሰው የሚዘፍነውን ሸክላ ይጠይቃል። ዱዊ «ከሰሜን መንገድ፣ ስም የለውም» ብሎ አነበበና አጫወተው። ከዚያ በየሐሙሱ መጣ። አገሩ ሁሉ ማን እንደምትልከው ያውቃል። ማንም ግን አይናገርም። ባለ ሱቁ ጋስ ብቻ ዝም ማለት አይችልም።

«ዱዊ፣ ነገ ሐሙስ ነው። ጢምህን ተላጭ።»

«በሬዲዮ ጢም አይታይም።»

«ድምፅህ ላይ ያስታውቃል።»

ዱዊ የገዛውን ዱቄት ተሸክሞ ይወጣል። መኪናው ውስጥ ገብቶ ብቻውን ሲሆን ፈገግ ይላል።

*

አጨዳ ሲገባ የጣቢያው ሥራ ይለወጣል። የዘፈን ምርጫው ይቋረጥና የአየሩ ሁኔታ፣ የእህሉ እርጥበት፣ በጎተራው በር የመኪናው ሰልፍ ይነበባል። ለአየር ገበያ የሚመጣው ካርድም ይበዛል። ያን ሳምንት ሚስ ፐርል ሕግ አወጣች።

«አሥር ቃል» አለች። «ለጳጳስም ቢሆን አሥር ቃል። አሥራ አንደኛው በእኔ መቀስ ይሄዳል።»

ካርዱን ታነባለች፣ በቁራጭ ወረቀት ላይ አሳጥራ ትጽፈዋለች፣ ዋናውን ግድግዳው ላይ ያለው ሚስማር ላይ ትሰካዋለች። ዱዊ የሚያየው ቁራጩን ነው። ማክሰኞ ቀትር ላይ ሰባት ቁራጭ አነበበ። ስምንተኛው እንዲህ ይላል፦

«ጥቁር ባዝራ፣ የሰባት ዓመት፣ ገራም፣ ለሴት ኮርቻ የተገራች። ስትሮድ ቤት።»

ድምፁ አልተለወጠም። ቀጣዩን አነበበ፤ ስለ አንድ የልብስ ማጠቢያ ማሽን ነበር።

ሌላ አገር ቢሆን ባዝራ ባዝራ ናት። እዚያ ግን የገበሬ ልጅ ፈረሷን የምትሸጠው ከተማ ልታገባ ስትል ነው። ያቺ ባዝራ ደግሞ አምስት ዓመት ድርቅ እንኳ እንድትሸጥ ያላደረጋት ናት። በጥጋብ ዓመት የተሸጠች እንደሆነ ምክንያቱ አንድ ነው። ሰው ሁሉ እንደዚያ አሰበ። ጋስ ሙሽራውን እንኳ አገኘላት፤ የጋርደን ሲቲው እህል ነጋዴ ልጅ። ዱዊ ሱቅ ሲገባ ጋስ ቀና ብሎ አላየውም፣ ስለ ጢምም አላነሣም። ያ ነው ይበልጥ የጎዳው።

ዊቺታ ከተማ ያለ ትልቅ የሬዲዮ ጣቢያ ከጥር ጀምሮ «ና» ይለው ነበር። ማክሰኞ ማታ «እመጣለሁ» ብሎ ጻፈ። ረቡዕ በአየር ላይ ተናገረ፦ ቅዳሜ የመጨረሻው ቀኑ ነው።

እናቱ ዜናውን የሰማችው እንደ ማንም ሰው ከሬዲዮ ነው። ቤት ሲገባ ድንች እየላጠች ነበር።

«ጥሩ ነው የምታነበው» አለች። «የራስህን መርዶ ስታነብ እንኳ አልተንተባተብክም።»

«እማ፣ ከሄድኩ በኋላ እወስድሻለሁ።»

«እኔ የትም አልሄድም። ስንዴው ነው ያሳሰበኝ። ደርቋል።»

«ጋስም ወንድሙም የራሳቸውን ማሳ ሲጨርሱ እናጭዳለን ብለዋል።»

«ሁሉም ሲጨርስ ሐምሌ ይገባል። በረዶ ተራ ጠብቆ አያውቅም።» ቢላዋውን አስቀመጠች። «ስሜን በአየር ላይ ብትጠራልኝ ይመጡ ነበር።»

ጣቢያው ለታመመ፣ ለተቃጠለበት፣ ለሞተበት ይጠራል። ሰው ለራሱ ቤት ግን አይጠራም። እሷም ታውቃለች።

«ተወው» አለች። «አባትህም አያደርገውም ነበር።»

ያን ምሽት ሁለቱ ደጃፉ ላይ ተቀምጠው ስንዴውን አዩት። ነፋስ ሲነካው ወረቀት እንደሚገለጥ ያለ ድምፅ ይሰጣል። ኦፓል በእጇ ጉልበቷን እያሻሸች ሰማችው፤ ሊሄድ የተነሣ እንግዳ እንደምትሰማ።

*

ቅዳሜ ቀትር ላይ ዱዊ የአየሩን ሁኔታ አነበበ። ከዶጅ ሲቲ የአየር ትንበያ ቢሮ የመጣ ማስጠንቀቂያ ነው፤ ከምዕራብ ዳመና እየተነሣ ነው፣ ከምሽቱ በፊት በረዶ ይጠበቃል። እያነበበ የእናቱን ማሳ አሰበ። ስሟን ግን አልጠራም። ከዚያ የአየር ገበያን ከፈተ። ስልክ ሲደወል የስልኩን እጀታ ማይኩ ላይ ያስደግፈዋል፤ አገሩ ሁሉ ይሰማል። አንዲት ሴት በነፃ የምትሰጣቸው አራት የድመት ግልገሎች እንዳሏት ተናገረች። ካልተወሰዱላት፣ ሌላዋ ድመቷ ልትወልድ ስለሆነ፣ እስከ ነገ ስድስት እንደሚሆኑ አስጠነቀቀች።

ስልኩ ደግሞ ጮኸ።

«የአየር ገበያ ነው። አለኝ ነው ወይስ እፈልጋለሁ?»

«ሁለቱም አይደለም።»

ድምፁን አወቀው። እጁ ጠረጴዛው ላይ ረጋ።

«እንግዲያው ምን ልበል?»

«እመልሳለሁ በል።»

«እንደዚያ የሚባል የለንም፣ ሚስ ስትሮድ።»

«ዛሬ ይኑረን። እርሳስ ያዝ። አንድ አጨዳ። ስምንት ዓመት የቆየ። ሦስት ቀን ሙሉ ሥራ፣ ምሳው ያልተበላ። አበዳሪው ክላይድ ቲግ። ባለ ዕዳው ሃርመን ስትሮድ።»

የሰሜን መንገድ ስልክ የጋራ መስመር ነው፤ ስምንት ቤት ይጋራዋል። እጀታ ሲነሣ ጧ፣ ጧ ሲል ተሰማ።

«ላቮን» አለ አንድ ሽማግሌ ከመስመሩ ላይ፣ «አባትሽ ይሰማል እኮ።»

«ዝም በል ኧርል!» አለች ሚስቱ። «ልጅቷ ትናገር።»

ዱዊ ጉሮሮውን ጠረገ። «ይህ ሰዓት ለዕቃ ነው።»

«ለዕቃማ ማክሰኞ ጽፌ ነበር። ግማሹን ቆርጠህ አነበብከው።»

«የተሰጠኝን ነው ያነበብኩት።»

«ዱዊ ቲግ፣ እኔ ኩራት ውስጥ ያደግሁ ሴት ነኝ፤ ከሩቅ አውቀዋለሁ። ከስትሮድ ቤት ምንም አልቀበልም ብለህ ነው የቆረጥከው። ይሁን። አልቀበልም ማለት ያባትህ ነው። ግን ሳትነግረኝ ዊቺታ መሄድ የማን ነው?»

ዱዊ ምን እንደምትል አልገባውም። ሚስ ፐርል ግን ገባት። ከወንበሯ ተነሣች። ሚስማሩ ላይ የተሰኩትን ካርዶች አንድ በአንድ አገላበጠች፣ አንዱን ነቀለች፣ ዱዊ ፊት አስቀመጠች። ፊቷ ቀልቶ ነበር። ጽሑፉ አረንጓዴ ነው።

ዱዊ በአየር ላይ ማንበብ ይቀለዋልና በአየር ላይ አነበበው።

«ጥቁር ባዝራ፣ የሰባት ዓመት፣ ገራም፣ ለሴት ኮርቻ የተገራች። የምለውጣት በሁለት ቀን የኮምባይነር ሥራ ነው፤ በኦፓል ቲግ አርባ ኤከር ላይ። አጫጁ ማን እንደላከው እንዳይናገር። ስትሮድ ቤት።»

በሬዲዮ ዝምታ ኃጢአት ነው። ዱዊ በሰባት ዓመት ሥራው አንድም ቀን ዝም ብሎ አያውቅም። አሁን ዝም አለ። የግድግዳው ሰዓት ብቻ ይሰማ ነበር።

«ላቮን» አለ በመጨረሻ። «ይህን አላየሁትም። እኔ ልታገቢ ነው ብዬ ነው።»

«ማንን?»

«የእህል ነጋዴውን ልጅ።»

«እሱ ፈረስ ይፈራል» አለች፣ ድምፅዋ እየተሰበረ። ከስምንቱ ቤት ሦስቱ ሳቁ። ወዲያው ግን ዝም አሉ፤ ልጅቷ እያለቀሰች ነበር።

«አባዬ» አለች። «ምሳ ሰዓት ነው፤ ማሳው ዳር ተቀምጠሃል፣ የፒካፑ ሬዲዮ ክፍት ነው። ልጄን ለውለታ መክፈያ አልሰጥም ብለሃል። ልክ ነህ። እኔ የማንም መክፈያ አይደለሁም። የምወደው ሰው ደግሞ ውለታ አስመላሽ አይደለም። ዕዳው ያንተ ነው። በገዛ እጅህ መልሰውና እኔን ከመካከላችሁ አውጡኝ።»

ስልኩ ተዘጋ።  ዱዊ እጀታውን እንደ ያዘ ቀረ። ከእጁ ላይ ሙቀቱ አልጠፋ ብሎት፣ የእሷ እጅ እየመሰለው።

«ሂድ» አለች ሚስ ፐርል። «ሸክላ ማስቀመጥ እኔንም አያቅተኝም።»

*

የኦፓል ማሳ ላይ ማንም አልነበረም። ኦፓል ደጃፉ ላይ ቆማ መንገዱን ታያለች። ሬዲዮው ከቤት ውስጥ ይሰማል።

«ዶሮ እየጠበስኩ ነው» አለች።

«ለማን?»

«ለሚመጣ።»

አንድ ሰዓት አለፈ። በምዕራብ ያለው ዳመና ጠቆረ። ዱዊ ስትሮድን ያውቀዋል፤ እሱ ራሱ ገና ያልታጨደ ስንዴ አለው። ይመጣል ብሎ አላሰበም። ከዚያ በሰሜን መንገድ ላይ አቧራ ተነሣ። ሦስት ኮምባይነር በሰልፍ፣ ከኋላቸው አንድ የእህል መኪና። የመጀመሪያውን የሚነዳው ስትሮድ ራሱ ነው። የማሳው በር ጋ ሲደርስ ቆመ። ዱዊ በሩን ይዞ ቆሞ ነበር። ተያዩ።

«ክፈተው» አለ ስትሮድ።

ዱዊ ከፈተው። 

የእህል መኪናውን የምትነዳው ላቮን ናት። ዱዊ ከጎኗ ገባ። ዓይኗ አብጧል። 

«ባዝራዋ ተሸጠች?» አላት።

«ማን ይደውላል? በአሥር ቃል ማን ፈረስ ይገዛል?»

«ዋጋዋ የሁለት ቀን አጨዳ ነበር። ያው እየታጨደ ነው።»

«እንግዲያው ውሰዳት።»

«ዊቺታ ፈረስ ማሠሪያ ቦታ የለኝም።»

ላቮን መሪውን በሁለት እጇ ጨበጠች። «ስለዚህ?»

«ስለዚህ ሰኞ የከብቱን ዋጋ እኔ ነኝ የማነበው።»

 ከእግሯ ሥር ጎንበስ ብላ አፈ ሰፊ ጠርሙስ አወጣችና አቀበለችው። ውሃ ነው። ጠጣ። መለሰላት። ከንፈሩ በነካው በኩል አዙራ እሷም ጠጣች።

ኦፓል በሰሃን የተጠበሰ ዶሮና የፍራፍሬ ፓይ ይዛ ማሳው ድረስ መጣች። ሠራተኞቹ ቀርበው በሉ። ስትሮድ ግን ኮምባይነሩ ጥላ ሥር ተቀምጦ የራሱን ምሳ ዕቃ ከፈተ።

«ሃርመን፣ ዝጋው» አለችው። «በእኔ ማሳ የሚያጭድ ከእኔ ይበላል።»

«ክላይድ በእኔ ማሳ ከራሱ ነው የበላው። እኔም ከራሴ እበላለሁ።»

«እሱ ከራሱ የበላው ያንተ ቤት የታመመ ስለነበረበት ነው። የእኔ ቤት ጤነኛ ነው።»

«ገና አልጨረስኩም» አለ ስትሮድ። ምሳውን ሳይነካ ዕቃውን ዘጋና ወደ ሥራው ወጣ።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ዳመናው ወደ ሰሜን ታጠፈ። ከሩቅ ነጭ የበረዶ መጋረጃ ከሰማይ እስከ ምድር ወረደ። ድምፁ ከማሳው ድረስ ተሰማ። በሰሜን መንገድ ላይ ነው። ከሠራተኞቹ አንዱ ኮምባይነሩን አቁሞ ጮኸ።

«ሚስተር ስትሮድ! የኛ ላይ ነው! ምሥራቁ ማሳ ላይ ነው!»

ስትሮድ ዞር ብሎ አየ። ብዙ አላየም።

«አይቻለሁ» አለ። «ዙሩን ጨርስ።»

ሠራተኛው ጨረሰ። ላቮን መኪናዋን አቁማ አባቷን ስታይ ዱዊ የእሷን ፊት አየ። አባቷን እንደዚያ ስታይ አይቷት አያውቅም።

የመጨረሻው መስመር ሲታጨድ ፀሐይ የጣቢያውን ምሰሶ ነክታ ነበር። ስትሮድ ከኮምባይነሩ እያነከሰ ወረደ። ገለባው ላይ ተራምዶ ኦፓል ፊት ቆመ። ባርኔጣውን አወለቀ። ግንባሩ ባርኔጣው እስከሚደርስበት ነጭ፣ ከዚያ በታች በአቧራ የጠቆረ ነው።

«ኦፓል» አለ። ከንፈሩ ጥቂት ተንቀሳቀሰ። «ክላይድን አመሰግነዋለሁ።»

«ዘግይተሃል።»

«ዘግይቻለሁ።»

«እነግረዋለሁ» አለች። ሰሃኑን ከመኪናው ላይ አነሣችና አቀረበችለት።

ከእህል መኪናው ሬዲዮ የሚስ ፐርል ድምፅ መጣ። ፀሐይ ልትጠልቅ መሆኑን፣ ጣቢያው ሊዘጋ መሆኑን ተናገረች። አጨዳ ሳይገባደድ የምርጫ ዘፈን ላለማጫወት ያወጣችውን ደንብ አንድ ጊዜ እንደምትጥስ ገለጸች። «ከሰሜን መንገድ፣ ስሙ ታውቋል» ብላ በር ላይ ባርኔጣውን ይዞ ስለቆመው ሰው የሚዘፍነውን ሸክላ አስቀመጠች።

ስትሮድ ባርኔጣውን በእጁ እንደ ያዘ ሰማው። ከዚያ ገለባው ላይ ተቀምጦ በላ።